የአሮጌ ኮምፒውተሮችን ድምፅ በኮድ ማስነሳት፦ የላይብረሪ አመራረጥና አገጣጠም

እ.ኤ.አ. የ1980ዎቹን የኮምፒውተር ድምፅ ለጨዋታ፣ ለሙዚቃ ሶፍትዌር ወይም ለቅርስ ጥበቃ የሚፈልግ ፕሮግራመር ሁለት መንገድ አለው። አንደኛው ድምፁን ቀርጾ እንደ ማንኛውም ሙዚቃ ማጫወት ነው። ሁለተኛው ድምፁን ያወጣው ቺፕ ይሠራ የነበረውን ሥራ ሶፍትዌር እንዲሠራው ማድረግ፣ ማለትም ቺፑን ኢሙሌት ማድረግ ነው። የሦስት ደቂቃ ሙዚቃ በሲዲ ጥራት ሳይታመቅ ሲቀመጥ 31 ሜጋ ባይት ያህል ቦታ ይይዛል፤ ያንኑ ሙዚቃ ለቺፑ የሚነግረው ፕሮግራም ግን ብዙ ጊዜ በጥቂት ኪሎ ባይት ይወሰናል። ትልቁ ጥቅም ግን የቦታ ቁጠባው አይደለም። ቺፑ በእጃችሁ ሲሆን ሙዚቃው ከጨዋታው ጋር ሊፈጥን፣ አንዱ ድምፅ ለብቻው ዝም ሊል፣ ቃናው ተጫዋቹ አዝራር በተጫነበት ቅጽበት ሊለወጥ ይችላል።

ይህን ሥራ ከዜሮ መጀመር አያስፈልግም። ቺፖቹን ከፍተው በማይክሮስኮፕ ያጠኑ፣ ውጤታቸውን በመሣሪያ የለኩ ሰዎች የድካማቸውን ፍሬ በነፃ ላይብረሪ መልክ አስቀምጠውልናል። ሆኖም ጥሩ ላይብረሪ ማግኘት የሥራው ግማሽ ብቻ ነው። ላይብረሪው ፍጹም ሆኖ ሳለ ድምፁ የሚበላሸው ከእናንተ ፕሮግራም ጋር በሚገናኝበት ቦታ ላይ ነው። የክሎኩ ፍጥነት፣ ትእዛዝ የሚደርስበት ሰዓት፣ የሳምፕል ልወጣው፣ የድምፁ መጠንና የአጠቃቀም ፈቃዱ የእናንተ ኃላፊነት ናቸው። የሚከተለው ምክር በዚህ የመገናኛ ቦታ ላይ ያተኩራል።

ቺፑን ሳታውቁ ላይብረሪ አትምረጡ

እነዚህ ቺፖች ሙዚቃ አያከማቹም። ዋናው ፕሮሰሰር ሬጂስተር በሚባሉ ጥቂት ቦታዎች ላይ ቁጥር ይጽፍላቸዋል፤ እነሱም በዚያው ቅጽበት ድምፃቸውን ይለውጣሉ። እ.ኤ.አ. በ1970ዎቹ መጨረሻ ጄኔራል ኢንስትሩመንት የሠራው ኤዋይ-3-8910 16 ሬጂስተሮች፣ ሦስት የካሬ ሞገድ ድምፆች፣ አንድ የኖይዝ ምንጭና የድምፁን መጠን በጊዜ ሂደት የሚቀይር አንድ ኢንቨሎፕ አለው። በዜድኤክስ ስፔክትረም 128፣ በአምስትራድ ሲፒሲና በኤምኤስኤክስ ኮምፒውተሮች ላይ የተሰማው እሱ ነው፤ የያማሃ ዝርያው ዋይኤም2149 ደግሞ በአታሪ ኤስቲ ውስጥ ገብቷል። ቦብ ያኔስ የነደፈው ሲድ እ.ኤ.አ. በ1982 ከኮሞዶር 64 ጋር ሲወጣ በ29 ሬጂስተሮች የሚታዘዙ ሦስት ድምፆችንና የአናሎግ ፊልተርን በአንድ ቺፕ አቀናጅቷል። የያማሃ ኤፍኤም ቺፖች ሌላ ቤተሰብ ናቸው። እ.ኤ.አ. በ1987 በወጣው የአድሊብ ካርድ ላይ የተቀመጠው ዋይኤም3812 ዘጠኝ ቻናሎች አሉት፤ እያንዳንዱ ቻናል ሁለት ኦፕሬተር፣ ማለትም ሁለት ሞገድ አመንጪ፣ አለው። እ.ኤ.አ. በ1988 በወጣው ሴጋ ሜጋ ድራይቭ ውስጥ የነበረው ዋይኤም2612 ስድስት ቻናሎች ሲኖሩት የእያንዳንዱ ኦፕሬተር ብዛት አራት ነው።

ሬጂስተር ተራ ቫሪያብል አይደለም። ይህን ያልተረዳ ፕሮግራመር ሥራውን ለማፋጠን ብሎ «ቁጥሩ ካልተለወጠ አትጻፍ» የሚል መስመር ያስገባል፤ ሙዚቃውም ይሰበራል። በኤዋይ ቺፕ 13ኛው ሬጂስተር ላይ ያንኑ ቁጥር ደግሞ መጻፍ ኢንቨሎፑን ከመጀመሪያው ያስነሣዋል። የሙዚቃው ደራሲ የሚፈልገው ይህንኑ ነው፤ ተደጋጋሚ የመሰለው ጽሑፍ ራሱ ትእዛዝ ነው።

ሲድም የራሱ ጠባይ አለው። የኢንቨሎፑ ቆጣሪ ሊደርስበት የሚገባውን ቁጥር ካለፈው 32,768 የክሎክ ምት ዞሮ እስኪመለስ ይጠብቃል። በአውሮፓው ኮሞዶር 64 ይህ 33 ሚሊ ሰከንድ ያህል ነው፤ የአንድ ኖታ መነሻ ለዚያን ያህል ጊዜ ይዘገያል። የዘመኑ የሙዚቃ ፕሮግራም ጸሐፊዎች ይህን አውቀው የሚያልፉበትን ዘዴ በኮዳቸው ውስጥ አስገብተዋል። ጉድለቱን «ያረመ» ኢሙሌተር ዘዴውን ትርጉም አልባ ያደርገዋል፤ ኖታዎቹም ደራሲው ባልፈለገው ሰዓት ይነሣሉ። አንዳንድ ፕሮግራሞች ደግሞ የሦስተኛውን ድምፅ ሞገድ ከቺፑ መልሰው እያነበቡ እንደ ዕጣ ቁጥር ይጠቀሙበታል፤ ስለዚህ መጻፍ ብቻ የሚችል ላይብረሪ አይበቃም። ላይብረሪ ከማውረዳችሁ በፊት የቺፑን የአምራች ሰነድ አንድ ጊዜ ከዳር እስከ ዳር አንብቡ። ያ ንባብ በኋላ ብዙ የስህተት ፍለጋ ሰዓት ይቆጥብላችኋል።

ምን ያህል ትክክለኛነት ያስፈልጋል?

ትክክለኛነት ዋጋ አለው፤ ዋጋውም በፕሮሰሰር ጊዜ ይከፈላል። ለሜጋ ድራይቭ ድምፅ ሁለት ጥሩ አማራጮች አሉ። በአሌክሲ ሆሆሎቭ የተጻፈው ኑክድ ኦፒኤን2 ከተከፈተ ቺፕ ፎቶ ላይ ተነሥቶ የቺፑን ውስጣዊ ምት አንድ በአንድ ይከተላል፤ ለአንድ ሳምፕል 24 ጊዜ ይጠራል። የአሮን ጋይልስ ዋይኤምኤፍኤም ደግሞ ብዙ የያማሃ ኤፍኤም ቺፖችን በአንድ ሲ++ ላይብረሪ ያቀፈ ሲሆን ሥራውን በሳምፕል ደረጃ ስለሚሠራ ቀለል ይላል። በጠንካራ ዴስክቶፕ ላይ የሚሠራ የሙዚቃ መሣሪያ የመጀመሪያውን ሊሸከም ይችላል። ድምፁ ከምስል፣ ከእንቅስቃሴና ከኔትወርክ ጋር ባትሪ ለሚሻማበት የስልክ ጨዋታ ሁለተኛው የተሻለ መነሻ ነው።

ሲድን ለሚፈልጉ የዳግ ሌም ሪሲድ ለብዙ ዓመታት የመለኪያ ድንጋይ ሆኖ ቆይቷል፤ ቫይስ የተባለው የኮሞዶር ኢሙሌተርም ይጠቀምበታል። በዚህ ቺፕ ላይ ትልቁ ውሳኔ የትኛውን ሞዴል እንደምትመስሉ ነው። የመጀመሪያው 6581 ፊልተሩ ከአንዱ ቺፕ ወደ ሌላው ይለያያል፤ አንድ ፋብሪካ ያወጣቸው ሁለት ቺፖች እንኳ ያንኑ ሙዚቃ አንዱ ጨለም፣ ሌላው ደመቅ አድርጎ ሊያሰማ ይችላል። በኋላ የመጣው 8580 የረጋ ፊልተር አለው፤ ነገር ግን በድምፅ መጠን ሬጂስተሩ በኩል የሚጫወቱ የተቀረጹ ድምፆች በእሱ ላይ እጅግ ይደክማሉ። ስለዚህ ሙዚቃው ለየትኛው ሞዴል እንደተጻፈ መዝግቡ፤ ተጠቃሚውም እንዲመርጥ ዕድል ስጡት። «ትክክለኛው ሲድ» የሚባል አንድ ድምፅ ስለሌለ ምርጫውን በስውር ለራሳችሁ ማስቀረት ተገቢ አይደለም።

ሥራችሁ ብዙ ዓይነት የሙዚቃ ፋይሎችን ማጫወት ብቻ ከሆነ የሼይ ግሪን ጌም ሚዩዚክ ኢሙ ይበቃችኋል፤ የኔንቲዶን፣ የሴጋን፣ የስፔክትረምንና የሌሎችንም ፋይሎች በአንድ መግቢያ ያነባል። የኤዋይን ድምፅ ብቻ ለሚፈልግ የፒተር ሶቬቶቭ አዩሚና የሚትሱታካ ኦካዛኪ ኢሙ2149 ትንንሽ፣ በሲ የተጻፉና ለማንበብ የማያስቸግሩ ናቸው።

ፈቃዱን ከኮዱ በፊት አንብቡ

ብዙ ባለሙያ ድምፁ ካማረው በኋላ ወደ ፈቃዱ ይመለሳል። ያኔ ሥራው በአንድ ላይብረሪ ላይ ተገንብቶ አልቋል፤ መቀየሩም ውድ ነው። ሪሲድ በጂፒኤል ፈቃድ የሚገኝ ነው። እሱን በውስጡ ይዞ ለሰዎች የሚሰጥ ፕሮግራም የራሱንም ኮድ በዚያው ፈቃድ መስጠት ይጠበቅበታል። ኮዱን ዘግቶ ለሚሸጥ ድርጅት ይህ አይሆንም። ኑክድ ኦፒኤን2ና የሼይ ግሪን ላይብረሪዎች በኤልጂፒኤል የተያዙ ናቸው፤ በተዘጋ ፕሮግራም ውስጥ መጠቀም ይቻላል፤ ነገር ግን በላይብረሪው ላይ ያደረጋችሁትን ለውጥ መግለጽና ተጠቃሚው ላይብረሪውን በሌላ እትም ተክቶ ፕሮግራሙን እንዲያሠራ መፍቀድ ግዴታ ነው። አዩሚና ኢሙ2149 በኤምአይቲ፣ ዋይኤምኤፍኤም ደግሞ በቢኤስዲ ፈቃድ ስለሚገኙ የሚጠይቁት በዋናነት የደራሲው ስምና የፈቃዱ ጽሑፍ እንዲቀመጥ ነው።

በተለይ ከኢንተርኔት ከሚለቀሙ አሮጌ ፋይሎች ተጠንቀቁ። ሜም የተባለው ታላቅ የኢሙሌሽን ፕሮጀክት ለብዙ ዓመታት ለንግድ መጠቀምን በሚከለክል ፈቃድ ሲሰራጭ ቆይቶ እ.ኤ.አ. በ2016 ወደ ነፃ ሶፍትዌር ፈቃድ ተዛወረ። ከዚያ በፊት የተገለበጡ የድምፅ ኮድ ፋይሎቹ ዛሬም በሌሎች ፕሮጀክቶች ውስጥ አሮጌውን ክልከላ እንደያዙ ይገኛሉ። ኮዱን ከዋናው ምንጭ አውርዱ፤ የወረደበትን ቀንና የእትሙን ቁጥር በፕሮጀክቱ ሰነድ ላይ ጻፉ። ሠራተኛ ከሆናችሁ ውሳኔውን ብቻችሁን አትወስኑ፤ የፈቃዱን ስም በግልጽ ጽፋችሁ ለኃላፊያችሁ አሳውቁ።

ክሎኩ ከተሳሳተ ሁሉም ይሳሳታል

በኤዋይ ቺፕ የአንድ ድምፅ ፍሪኩዌንሲ የሚገኘው የክሎኩን ፍጥነት ለ16 ከዚያም በሬጂስተሩ ላይ ለተጻፈው ቁጥር በማካፈል ነው። ቁጥሩ 252 ይሁን። በስፔክትረም 128 ላይ ክሎኩ 1.7734 ሜጋ ሄርዝ ስለሆነ 440 ሄርዝ ገደማ ይሰማል። ያው ቁጥር በ1 ሜጋ ሄርዝ በሚሠራው አምስትራድ ላይ 248 ሄርዝ፣ በ2 ሜጋ ሄርዝ በሚሠራው አታሪ ኤስቲ ላይ 496 ሄርዝ ይሆናል። ላይብረሪው የተሰጠውን ክሎክ ያምናል፤ የተሳሳተውን ብትሰጡት የተሳሳተ ድምፅ በትክክል ያወጣላችኋል።

በኮሞዶር 64ም እንዲሁ ነው። የአውሮፓው ማሽን ክሎክ 985,248 ሄርዝ፣ የአሜሪካው 1,022,727 ሄርዝ ነው። ልዩነቱ ቃናውን ከግማሽ ሴሚቶን በላይ ያዛባል። በዚያ ላይ የአውሮፓው ሙዚቃ በሰከንድ 50 ጊዜ ያህል፣ የአሜሪካው 60 ጊዜ ያህል ይራመዳል፤ የአውሮፓውን ሙዚቃ በአሜሪካው ምት ማጫወት በ20 በመቶ ያፈጥነዋል። የፕሮግራሙን የሙዚቃ እርምጃ ከስክሪኑ ምት ጋር አታስሩ። ስክሪኑ 60፣ 90 ወይም 120 ሄርዝ ሊሆን ይችላል፤ ሙዚቃው ግን የራሱ ሰዓት ያስፈልገዋል።

ሌላው የተለመደ ስህተት በማካፈል ጊዜ ይፈጠራል። 985,248ን ለ48,000 ብናካፍል ለአንድ ሳምፕል 20.526 የክሎክ ምት ይደርሳል። ቅሪቱን ጥሎ 20 ምት ብቻ የሚያስኬድ ፕሮግራም ቺፑን በ2.6 በመቶ ያዘገየዋል፤ ሙዚቃውም ግማሽ ሴሚቶን ሊሞላ ጥቂት እስኪቀረው ይወርዳል። ቅሪቱን ያዙት፤ ከሚቀጥለው ሳምፕል ድርሻ ጋር ደምሩት። ይህ የሁለት መስመር ኮድ ነው።

ከሜጋ ሄርዝ ወደ 48,000 መውረድ

ድምፅን ከሁሉ በላይ የሚያበላሸው እዚህ የሚፈጸም ግድየለሽነት ነው። ቺፑ በሜጋ ሄርዝ ፍጥነት ይለዋወጣል፤ የዛሬው የድምፅ ካርድ ግን በሰከንድ 44,100 ወይም 48,000 ሳምፕል ነው የሚቀበለው። ከቺፑ የሚወጣውን ምንም ሳያጣሩ በየተወሰነ ጊዜ እየቆነጠሩ መውሰድ ከሰው የመስማት አቅም በላይ የነበሩትን ድምፆች ወደሚሰማው ክልል አጥፎ ያመጣቸዋል።

ምሳሌው ግልጽ ነው። ስፔክትረም 128 ላይ በኤዋይ የድምፅ ሬጂስተር ላይ ቁጥር 1 ቢጻፍ የሚወጣው ድምፅ 110,837 ሄርዝ ያህል ነው፤ ማንም ጆሮ አይሰማውም። ፕሮግራመሮቹም አንዳንድ ጊዜ ለዚሁ ብለው ይጽፉት ነበር። ሳያጣሩ በ48,000 ሲቆነጠር ግን ያው ድምፅ 14,837 ሄርዝ ላይ ታጥፎ ይመጣል፤ ዝም ማለት የነበረበት ቻናል ቀጭን ፉጨት ያሰማል።

መፍትሔው በሁለት መልክ ይመጣል። አንዱ በከፍተኛ ፍጥነት ሠርቶ ዝቅተኛውን ክልል ብቻ በሚያሳልፍ ፊልተር እያጣሩ መቀነስ ነው፤ አዩሚ በውስጡ የሚሠራው ይህን ነው። ሌላው የካሬ ሞገዱ እያንዳንዱ ዝላይ በድምፅ ካርዱ ክልል ውስጥ እንዲቀር ተደርጎ አስቀድሞ በተሰላ ቅርጽ መተካት ነው። የሼይ ግሪን ብሊፕ በፈር በዚህ መንገድ ይሄዳል፤ ሥራ የሚኖረው ዝላይ ሲኖር ብቻ ስለሆነም ለካሬ ሞገድ ቺፖች እጅግ ፈጣን ነው።

ላይብረሪያችሁ ይህን ሥራ የሚሠራላችሁ ወይም የማይሠራላችሁ መሆኑን አጣሩ። ሪሲድ ከፈጣኑና ሸካራው እስከ ዝግተኛውና ጥሩው ድረስ በርካታ የሳምፕል ልወጣ ዘዴዎች አሉት፤ ዘዴውን ራሳችሁ ምረጡ። ዋይኤምኤፍኤም ግን ድምፁን በቺፑ በራሱ ፍጥነት ያስረክባችኋል፤ ለሜጋ ድራይቭ 53,267 ሄርዝ ገደማ፣ ለአድሊብ 49,716 ሄርዝ ገደማ። ከዚያ ወደ 48,000 መለወጡ የእናንተ ሥራ ነው፤ ለዚህም ጥሩ የልወጣ ላይብረሪ አክሉ። ይህን ያልተገነዘበ ሰው ሳምፕሎቹን እንዳሉ ያጫውትና ቃናው ለምን እንደወረደ በኤፍኤም ኮዱ ውስጥ ሲፈልግ ይውላል።

እያንዳንዱ ትእዛዝ ሰዓቱን ይዞ ይምጣ

የድምፅ ሲስተሙ ሳምፕል የሚጠይቀው በጥቅል ነው። በ48,000 ሄርዝ 512 ሳምፕል 10.7 ሚሊ ሰከንድ ያህል ነው። በዚህ ጊዜ ውስጥ የተከማቹት ትእዛዞች በሙሉ በጥቅሉ መጀመሪያ ላይ ቢፈጸሙ የሙዚቃው ምት ይወላከፋል፤ በሰከንድ በሺዎች በሚቆጠሩ የሬጂስተር ጽሑፎች የሚጫወት የተቀረጸ ድምፅማ ጨርሶ ይጠፋል። እያንዳንዱን ጽሑፍ ከክሎክ ሰዓቱ ጋር በወረፋ አስቀምጡት። ሳምፕል የሚያወጣው ክፍል እስከ ቀጣዩ ጽሑፍ ሰዓት ድረስ ቺፑን ያስኪደው፤ ከዚያ ይጻፍ፤ ከዚያ ይቀጥል።

ድምፅ በሚወጣበት ትሬድ ውስጥ ሚሞሪ አትጠይቁ፣ ፋይል አትክፈቱ፣ ሌላ ትሬድ የያዘውን መቆለፊያ አትጠብቁ። ከጨዋታው ወደ ድምፁ አንድ ጸሐፊና አንድ አንባቢ ብቻ ያለው፣ መቆለፊያ የማያስፈልገው ወረፋ በቂ ነው። የፕሮሰሰር ፍጆታችሁን ስትለኩም አማካዩን ብቻ አትዩ። ድምፁ የሚቆራረጠው ከሁሉ በከበደው ጥቅል ላይ ስለሆነ እሱን ለኩ፤ የምትለኩበትም መሣሪያ ደንበኞቻችሁ ከያዙት ሁሉ ደካማው ይሁን።

የድምፅ መጠንና ሚዛን

የኤዋይ ቺፕ 16 የድምፅ ደረጃዎች እኩል እየጨመሩ አይሄዱም፤ በእያንዳንዱ ደረጃ 3 ዴሲቤል ያህል ያድጋሉ። ደረጃ 8 ከ15 ግማሽ ይመስላል፤ በእውነተኛ ቺፕ ላይ ሲለካ ግን ከከፍተኛው 13 በመቶ አካባቢ ነው። ደረጃውን ለ15 አካፍሎ የሚያባዛ ኮድ ቀስ ብሎ የሚጠፋውን ድምፅ ሳይጠፋ ያቆየዋል። የተለካ ሰንጠረዥ ተጠቀሙ። የኔንቲዶ ቺፕ ደግሞ ድምፆቹን ሲቀላቅል በቀጥታ አይደምርም፤ ሁለት ድምፆች አብረው ሲጮሁ ከየብቻቸው ድምር ያነሰ ይወጣል። ቻናሎቹን ለየብቻ አውጥታችሁ ራሳችሁ ልትደምሩ ካሰባችሁ ይህን አስታውሱ።

የብዙዎቹ ቺፖች ውጤት ከዜሮ በላይ ብቻ ነው የሚወዛወዘው። በዚህ መልኩ ወደ ድምፅ ካርድ ቢላክ ሙዚቃው ሲጀምርና ሲያቆም «ጧ» ይላል፤ ለሌላው ድምፅ የሚተርፈውም ቦታ ይጠባል። ከመውጫው ላይ እጅግ ዝቅተኛውን ክልል የሚቆርጥ ፊልተር አኑሩ። በእውነተኞቹ ማሽኖች ላይም በቺፑና በድምፅ ማጉያው መካከል ይህን የሚሠራ የኤሌክትሪክ ዑደት ነበር።

በጆሮም በመሣሪያም ፈትኑ

ከምታደርጓቸው ፈተናዎች ሁሉ በቀላልነቱ የሚጠቅመው ይህ ነው። አንድን ቃና ከዝቅተኛው እስከ ከፍተኛው ያለማቋረጥ እንዲወጣ አድርጉና ውጤቱን በስፔክትሮግራም ተመልከቱት። ቃናው ሲወጣ ሁሉም መስመር አብሮ መውጣት አለበት። ወደ ታች የሚወርድ መስመር ካለ የሳምፕል ልወጣችሁ ድምፅ እያጠፈ ነው፤ ሌላ ምርመራ አያሻም።

ቀጥሎ ጥቂት የሬጂስተር መዝገቦች አስቀምጡ። ቪጂኤም የተባለው የፋይል ዓይነት ለዚህ ይመቻል፤ እያንዳንዱን ጽሑፍና በመካከሉ ያለውን ጊዜ በሰከንድ 44,100ኛ ክፍል ይመዘግባል። ኮዱን በለወጣችሁ ቁጥር መዝገቦቹን አጫውቱና ከቀድሞው ውጤት ጋር አወዳድሩ። ላይብረሪው በሙሉ ቁጥር የሚሠራ ከሆነ ውጤቱ ባይት በባይት አንድ መሆን አለበት፤ በአስርዮሽ ቁጥር የሚሠራ ከሆነ ኮምፓይለር ሲቀየር የሚፈጠረውን ጥቃቅን ልዩነት የሚታገስ ወሰን አኑሩ። ከእውነተኛ ማሽን ቅጂ ጋር ስታወዳድሩ ደግሞ ሳምፕሎቹ አንድ ይሆናሉ ብላችሁ አትጠብቁ። የቃናውን ከፍታ፣ የኢንቨሎፑን ርዝመትና የድምፁን ስብጥር አመሳክሩ።

የሌላውን ድካም አክብሩ

ቺፑን ኢሙሌት ማድረግና በእሱ የተጻፈውን ሙዚቃ መጠቀም ሁለት የተለያዩ ነገሮች ናቸው። የሮብ ሃባርድና የማርቲን ጋልዌይ የኮሞዶር 64 ሙዚቃዎች፣ የዩዞ ኮሺሮ የሜጋ ድራይቭ ሥራዎች ባለቤት አላቸው። ሃይ ቮልቴጅ ሲድ ኮሌክሽን ከ50,000 በላይ ሙዚቃዎችን ከደራሲዎቻቸው ስም ጋር ሰብስቦ ማቆየቱ ለታሪክ ትልቅ አገልግሎት ነው፤ በስብስቡ ውስጥ መገኘት ግን ለንግድ ጨዋታ የመጠቀም ፈቃድ አይሰጥም። ለምርታችሁ አዲስ ሙዚቃ አስጽፉ ወይም ባለመብቱን ጠይቁ። የላይብረሪውንም ደራሲ ስም ፈቃዱ ባያስገድዳችሁ እንኳ በምስጋና ገጹ ላይ አስቀምጡ፤ ስህተት ስታገኙ አርማችሁ ወደ ዋናው ፕሮጀክት መልሱ። እነዚህ ላይብረሪዎች እዚህ የደረሱት በእንዲህ ያለ መመላለስ ነው።

ለጀማሪ የምመክረው ቅደም ተከተል አጭር ነው። በኤዋይ ጀምሩ፤ ቺፑ ትንሽ ነው፣ አዩሚም ተቀምጦ የሚነበብ ኮድ ነው። አንድ ቃና በትክክለኛው ፍሪኩዌንሲ አውጡ፤ ከዚያ የስፔክትሮግራሙን ፈተና እለፉ፤ ከዚያ የሰዓት ወረፋውን ሥሩ፤ በመጨረሻ አንድ ሙሉ መዝገብ አጫውቱ። ይህ የመገናኛ ኮድ አንዴ በትክክል ከተሠራ ወደ ሲድ ወይም ወደ ኤፍኤም ስትሻገሩ የሚቀየረው ቺፑ ብቻ ነው፤ ክሎኩን የሚቆጥረው፣ ትእዛዙን በሰዓቱ የሚያደርሰውና ውጤቱን የሚፈትነው ክፍል እንዳለ ያገለግላችኋል።